ለበረዶ ሸርተቴ ሻምፒዮኗ የመጣው ጠያቂ

በአገራችን ሐዘን ሥርዓት አለው። ለወላጅ ስንት ቀን እንደሚቀመጡ፣ ጎረቤትን እስከ የት እንደሚሸኙ፣ ለታመመ ምን ይዘው እንደሚሄዱ ማንንም መጠየቅ አያስፈልግም። ሥርዓት ለምወድ ለእኔ ይህ ትልቅ እፎይታ ነው። ግን እስቲ ልጠይቃችሁ፦ በቴሌቪዥን ብቻ ለሚያውቋት የበረዶ ሸርተቴ ሻምፒዮን ስንት ቀን ይታዘናል?

እኔ ጅማ፣ ጊንጆ ጉዱሩ የምኖር፣ ቡና ቀምሼ ደረጃ በማውጣት የምተዳደር፣ በረዶ ከሰማይ ሲወርድ እንጂ ተራራ ሙሉ ተነጥፎ አይቼ የማላውቅ ሴት ነኝ። ሆኖም ይህችን ሻምፒዮን ከመጀመሪያ ውድድሯ ጀምሮ ተከታትያታለሁ፤ ቀኑን፣ ቁልቁለቱንና የገባችበትን ሰዓት በደብተር መዝግቤያለሁ። በተተከሉት ዘንጎች መካከል እየታጠፈች ስትወርድ አንዱንም አትስትም፣ ተራቸውንም አታዛባም። በዚህ ዓለም ነገር በቅደም ተከተል ሊሄድ እንደሚችል የነበረኝ ብቸኛ ማስረጃ እሷ ነበረች። ባለፈው እሑድ ማስረጃዬ ወደቀ። የጉልበቷ ጅማት ተበጠሰ፤ ዳግመኛ እንደማትወዳደርም ተነገረ። ከእንግዲህ በየሳምንቱ መጨረሻ ምን እንደምመዘግብ አላውቅም።

በማግስቱ ጎረቤቴ እማማ ዘሃራ ያበጡ ዓይኖቼን አይተው፣ «ማል ታቴ? ምን ሆንሽ ልጄ?» አሉኝ። የምወዳት ልጅ ተራራ ላይ ወድቃ ጉልበቷ መጎዳቱን፣ ሥራዋም በዚሁ ማብቃቱን ነገርኳቸው። እስቲ ከዚህ ውስጥ ሐሰቱ የቱ ነው?

አሥር ሰዓት ላይ ሳሎኔ ሞላ። ገንፎ መጣ፤ ሙዝ መጣ። ልብስ ሰፊው ጋሽ ሽኩር ጥያቄ አበዙ። ተራራው ላይ ምን ትሠራ ነበር? ትወርድ ነበር። ቀስ ብላ አትወርድም? ትቸኩላለች። ማን እያሳደዳት? ማንም፤ ሌሎች ሴቶች ቀድመዋት እንዳይገኙ ብላ ነው። «ታዲያ ሴቶቹ ታች ምን አላቸው?» ሲሉኝ፣ ሙዝ ልጬ አቀረብኩላቸው። እማማ ዘሃራ፣ «ሽኩሬ፣ ተዋት እንጂ! ፖሊስ ሆንክ እንዴ?» ብለው ገሠጹልኝ።

ጋሽ ሽኩር ግን ከአጋሮ ወጌሻ ማስጠራታቸውን፣ በነጋታውም ልጅቷ ወዳለችበት ይዘውት እንደሚሄዱ ሲያበስሩኝ፣ ዝም ማለት ራሱ ውሸት ሆነ። ስለዚህ ጉዳዩን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በተራ አስረዳሁ። የውጭ አገር ሰው ናት፤ ሥራዋ ስፖርት ነው፤ ተገናኝተን አናውቅም።

እማማ ዘሃራ፣ አንድ ቀን እንኳ ደውላልሽ አታውቅም ወይ፣ አሉኝ። አታውቅም። ስምሽንስ? አታውቀውም። «ይህን ሁሉ ዓመት?» አዎን፣ አሥራ ሁለት ዓመት።

ገንፏቸውን አንሥተው እንደሚወጡ ጠበቅሁ፤ ይገባኝም ነበር። እማማ ዘሃራ ግን ወንበራቸውን አስጠግተው እጄን ያዙና፣ «አብሽሪ ልጄ፤ አላህ ያሽርሽ» አሉኝ።

ከዚያች ሰዓት ወዲህ ስለ ጉልበት የጠየቀ የለም። ጠያቂው ግን ይኸው አራተኛ ቀኑ፣ አልተቋረጠም። ሁሉም በሥርዓቱ ተራውን ጠብቆ፣ በሬ ላይ ጫማውን አውልቆ፣ እኔ እየሰማሁት እማማ ዘሃራን በሹክሹክታ ይጠይቃቸዋል፦

«ዛሬስ እንዴት አደረች?»