የማያሳይ መስታወት

ማየት እንጂ መታየት የማይወድ ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? በደርግ ጊዜ ከመተማ ሸሕዲ ሰው ሳመላልስ የቆላው ፀሐይ ቢያንገበግበኝ የመኪናዬን መስታወት ጥቁር ላስቲክ ለጠፍሁበት።

ሸሕዲ ኬላ ላይ ጠባቂው አስቆመኝ። «ከውጭ የማያሳይ መስታወት ክልክል ነው። አብዮቱ የሚደብቀው ነገር የለም!» አለኝ።

ምን ይባላል? ፀሐይ መፍራትም ፀረ አብዮት ይሆናል ብዬ ላስቲኩን በምላጭ እፍቅ ጀመር። አጠገቤ የተቀመጡት ተሳፋሪዬ እማማ ዘሪቱ ያዩኛል። ልጃቸው አበበ ከሰሊጥ አጨዳ ላይ ከተወሰደ ወራት አልፈዋል፤ የት እንደታሰረ የሚነግራቸው አላገኙም።

ፍቄ ሳልጨርስ መስታወቱ ሁሉ የጠቆረ የመንግሥት መኪና መጥቶ ቆመ። ጠባቂው ሰላምታ ሰጥቶ የኬላውን ገመድ ሊፈታ ሮጠ።

«ማን አለበት ልጄ?» አሉት እማማ።

«እኔስ በምን አውቄ እናቴ? አይታይም እኮ።»

እማማ ወርደው ፊታቸውን ከጥቁሩ መስታወት አስጠጉ። «አበበ! አለህ?» ብለው ተጣሩ።

ከውስጥ መስታወቱ ሁለት ጊዜ ተንኳኳ። ወዲያው ገመዱ ተፈታና መኪናው አቧራውን አልብሶን ሄደ። ጠባቂው አቀረቀረ።

ያንኳኳው የማን ልጅ እንደሆነ እስከ ዛሬ አላውቅም። እማማ ግን ተመልሰው አጠገቤ ተቀመጡና ነጠላቸውን አስተካክለው፣ «አለ» አሉኝ።