ወንዝ ዳር የተገኘው ፈረስ

[ነገሌ ቦረና፣ የወንዶሰን ቤት። ወንዶሰን ኮምፒውተር ሲበላሽ የሚጠራ ባለሙያ ነው፤ «ከኔ በላይ አዋቂ ላሳር» ባይ። አሁን ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጦ ይጫወታል። ጎረቤቱ ጎሊቻ የከብት ነጋዴ ነው። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ስልኩን ይነካካል።]

ወንዶሰን፦ ስንቴ ልንገርህ? ጨዋታው የስልክ ነው! እኔ ግን ኮምፒውተሩን «ስልክ ነህ» ብዬ አሳመንኩት።

ጎሊቻ፦ እሱም አመነ?

ወንዶሰን፦ አመነ!

ጎሊቻ፦ ያ ዋቅ፣ አምላኬ! ይሄን አክሎ?

ወንዶሰን፦ አሁን ዝም በል። ምሽጉን ልንወር ነው። ዛሬም ከቀረሁ አለቃችን ከቡድኑ ያባርረኛል። የሁለት ዓመት ልፋቴ ገደል ገባ ማለት ነው!

ጎሊቻ፦ ለምን ትቀራለህ? አሞህ ነው?

ወንዶሰን፦ ሌባ ነው የሚያስቀረኝ! ውጊያው ሲጀመር ከጨዋታው ያስወጣኛል። ተመልሼ ስገባ ፈረሴን ወንዝ ዳር አገኘዋለሁ።

ጎሊቻ፦ ኮርቻው ጠፍቶ?

ወንዶሰን፦ ምንም አልጠፋም!

ጎሊቻ፦ ምንም ሳይወስድ ውሃ አጠጥቶ የሚሄድ ሌባ? እንዲህ ያለውን ሌባ ለኛም በላከልን!

ወንዶሰን፦ አንተ ምን ይገባሃል! ውጭ አገር የተቀመጠ ጠላፊ ነው። የሚገርመው የይለፍ ቃሌን ለሚስቴ እንኳ አልነገርኳትም።

[ኮምፒውተሩ ላይ መለከት ይነፋል። ጦሩ ይሰለፋል።]

ወንዶሰን፦ ተጀመረ! በለው! [«በሌላ ስልክ ገብተዋል» የሚል ጽሑፍ ብቅ ይላል።] ኧረ ኡኡ! አስወጣኝ!

ጎሊቻ፦ ቀስ በል እንጂ፣ ፈረሱን አስደነገጥከው።

ወንዶሰን፦ የቱን ፈረስ?

ጎሊቻ፦ ይሄን ውሃ የሚጠጣውን።

[ወንዶሰን ስልኩን ቀምቶ ያያል። ባለፈው ወር ለጎሊቻ የሸጠለት የራሱ ስልክ ነው። አዋቂው ጨዋታውን ሳያጠፋ፣ መግቢያውን ሳይዘጋ፣ ከነፈረሱ ሸጦታል።]

ወንዶሰን፦ አንተ ነህ እንዴ ሌባው?

ጎሊቻ፦ ምን ሌባ አመጣህ? ገዝቼው! አንድ የማላውቀው ጨካኝ ሰው ሳር የለ ውሃ የለ ሲያሯሩጠው ይውላል። አንጀቴ አልችል ሲል ወንዝ እወስደዋለሁ።

ወንዶሰን፦ ጨካኙ እኔ ነኝ! የሥዕል ፈረስ ደግሞ ውሃ አይጠማውም! ወይኔ ወንዶሰን፣ አለቀልኝ!

[ስልኩ ላይ የቡድኑ መልእክት ይገባል። ወንዶሰን ያነባል።]

ወንዶሰን፦ «ምሽጉ ወጥመድ ነበር። የገባነው ሁሉ አልቀናል፣ አለቃውም ወድቋል። ነገሩ ቀድሞ የገባው የአንተ ፈረስ ብቻ ተረፈ። ከዛሬ ጀምሮ አለቃችን የፈረሱ ጌታ ነው።»

ጎሊቻ፦ እሰይ!

ወንዶሰን፦ [ደረቱን ነፍቶ] አየህ? እውቀት ማለት ይሄ ነው! በል አሁን ጨዋታውን ከስልክህ ላጥፋው፣ አለቃ ሥራ አለበት።

ጎሊቻ፦ [ስልኩን መልሶ እየወሰደ] ቆይ ቆይ። እርጉዝ ላም ሸጠህ፣ ስትወልድ ጥጃዋን መልስ ትላለህ? የት ገበያ ነው እንዲህ ያለው?

ወንዶሰን፦ ጎሊቻ፣ በናትህ! እኔስ ምን ልሁን?

ጎሊቻ፦ አንተማ ጎረቤቴ ነህ፣ አላባርርህም። ፈረስ ግዛና ና፣ አዘምትሃለሁ።