ኤክስ ስንት ሸሚዝ ለብሷል?

ሰው ልብስ መልበስ ስለቻለ ማውለቅም የሚችል ይመስለዋል። መልበሱንስ ማንም ይለብሳል፤ ማውለቅ ግን ቅደም ተከተል አለው። ዝም ብዬ አይደለም ይህን የምለው፤ በደርግ ጊዜ ድሬዳዋ፣ ቀበሌ አዳራሽ ውስጥ ለጎልማሶች ሒሳብ ያስተማርኩ ሰው ነኝና እመኑኝ።

ከተማሪዎቼ አንዷ ሐሊማ ነበረች፣ የመጋላ ሰፈር ልጅ። ሥራዋ ኮንትሮባንድ ነው። ድንበር ላይ ወዳለችው ደወሌ በባቡር ትሄድና አምስት ስድስት ቀሚስ ደራርባ፣ በዚያ ሙቀት ድንገት ወፍራ ትመለሳለች። አንድ ቀን ግን ፈታሾች ያዟትና ጣቢያው ላይ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ ልጇ እያየች አንድ በአንድ አስወለቋት። ከዚያ ወዲያ ለንግድ ባቡር ላይ ላትወጣ ማለች። «ስምንተኛን ካለፍኩ የሚቀጥረኝ አለ» ትላለች። ማን እንደሆነ ስጠይቃት፣ «አቦ አታድርቀኝ! አንተ ብቻ አስተምረኝ!» (ድሬ አንቱታ አታውቅም፤ መምህርም ብትሆን አንተ ነህ።)

ችግሯ እኩልታ ነበር። ኤክስ በሦስት ተባዛ፣ ሁለት ተደመረበት፣ ሃያ ሆነ፤ ኤክስ ስንት ነው? ሐሊማ ዘላ ሃያን ለሦስት ታካፍላለች። ስልሳ ጊዜ ነገርኳት፤ አሁንም ማካፈል! ፈተናው ሳምንት ሲቀረው ደብተሯን ዘጋችና እንባዋ መጣ። እኔ ደግሞ በሒሳብ መሸነፍ አልወድም።

«ሐሊማ፣ ቀዩን ቀሚስ ከሥር፣ አረንጓዴውን ከላይ ብትለብሺ ቀድሞ የሚወልቀው የቱ ነው?»

«አረንጓዴው ነዋ! ቀዩን ከሥር ጎትቼ ላወጣው ነው እንዴ፣ ቲቸር?»

ይህን ብላ ሰሌዳውን አየች።

«ዋላሂ! ሁለቱ ከላይ ነው የተለበሰው!»

ሁለቱን አወለቀች፣ አሥራ ስምንት ቀረ። ለሦስት አካፈለች፣ ስድስት። ስድስቱን መልሳ ብታለብሰው ሃያ ሆኖ ቁጭ! ስምንተኛንም አለፈች፤ እኔም ደረቴን ነፋሁ።

ዓመት ሳይሞላ እኔው ራሴ ደወሌ ወረድኩ። ምን ላድርግ፣ ያለችኝ ሸሚዝ ኮሌታዋ አልቆ ነበር። እሷን እዚያው ጥዬ አራት አዳዲስ ሸሚዞች ደርቤ፣ ኮት ጣል አድርጌባቸው፣ ላቤ እየተንቆረቆረ ግን በሙሉ ልብ ድሬ ጣቢያ ከባቡር ወረድኩ። መውጫው ላይ የደንብ ልብስ የለበሰች ፈታሽ ቆማለች። ሐሊማ!

ከላይ እስከ ታች አየችኝ።

«ቲቸር፣ ኤክስ ስንት ነው?»

«አንድ» አልኩ ኮቴን እየቆለፍኩ።

ሳቀች። በሰው ፊት ግን አልነካችኝም። ጥግ ላይ የተንጠለጠለ መጋረጃ አሳየችኝ። በእሷ ጊዜ አልነበረም፤ እንደተቀጠረች ተሟግታ ያሰቀለችው እሷ ናት።

«እዚያ ግባ፣ ወንዱ ፈታሽ ይመጣልሃል። ከኮቱ ጀምር።»

ጀመርኩ። ኮት። ሸሚዝ። ሸሚዝ። ሸሚዝ። የመጨረሻዋን ተዉልኝ፣ ኮቴንም መለሱልኝ። እንግዲህ ፍረዱኝ፤ መልሴ ልክ ነበር።