ለአናት ብቻ የሚሸጥ ቅቤ

[አርባ ምንጭ፣ የመስቀል ሰሞን፣ ገበያው ውስጥ ያለ አንድ ቅቤ ቤት። ባለሱቁ ተክለወልድ አናቱን ቅቤ ተቀብቶ፣ ሹመት ያገኘ መስሎት ወንበሩን ሞልቶ ተቀምጧል። ጠዋት የልጁ አማት፣ ወይዘሮ ዓለምጸሐይ፣ ቤታቸው ጠርተው በክብር ቀብተውታል። ሻጩ ካሱ የቅቤ ባልዲ አቅፎ ቆሟል። ካሱ ደግ ሰው ነው፤ ነገር እስኪገባው ግን አስረጂው ያረጃል።]

ተክለወልድ፦ ኧረ አንተ ሰው! ስንቴ ልንገርህ? አናት ሆድ ነው እንዴ?

ካሱ፦ አይደለም ጋሼ። ዛሬ ግን ይሄን አልሸጥም። እርስዎ ሙዝ ጨምረውበታል።

ተክለወልድ፦ ቀስ በል፣ ገበያ መሃል ነን! [ዝንብ ያባርራል] ከትናንት በስቲያ የነጋዴዎች ሥልጠናው ሲጀመር ምን አሉን? «ምግብ ላይ ባዕድ ነገር የቀላቀለ በወንጀል ይጠየቃል።» ምግብ ላይ! ይሄ ለአናት ነው፤ ማንም አይበላውም። ሕግ እንደኔ አብጠርጥሮ ለሚያነብ ነው።

ካሱ፦ ቅቤው ምግብ ካልሆነ፣ ሙዙስ?

ተክለወልድ፦ ሙዝማ ምግብ ነው። የአርባ ምንጭ ልጅ ሆነህ ይሄን ትጠይቃለህ?

ካሱ፦ እንግዲያው ምግብ ላይ የጸጉር ቅባት ቀላቅለዋል ማለት ነው።

ተክለወልድ፦ አንተን የሚያስረዳ ሰው ጸበል ያስፈልገዋል።

ካሱ፦ ተቆጣጣሪዎች ነገ ይመጣሉ አሉ። ብታሰር ስንቅ ማን ያመላልስልኛል?

ተክለወልድ፦ አንተ ለምን ትታሰራለህ?

ካሱ፦ «ከመጡ ሻጩ እኔ ነኝ በል» ያሉኝ እርስዎ አይደሉ?

ተክለወልድ፦ እሱ... ለጥንቃቄ ነው። [ሁለት ዝንብ በአንድ እጅ ያባርራል]

ካሱ፦ ዝንቡ በዛብዎት።

ተክለወልድ፦ ዝንብ እንኳ ጥሩ ቅቤ ያውቃል! እትዬ ዓለምጸሐይ የቀቡኝ የገረሴ ቅቤ ነው። የደጋ ሣር የጋጠች ላም! ከዚህ ባልዲ ጋር እንዳታስተያየው።

ካሱ፦ ንብም መጣ።

ተክለወልድ፦ ይምጣ! ንብ በረከት ነው። [ግንባሩ ላይ የወረደውን በጣቱ ጠርጎ ይልሳል። ፊቱ ይለዋወጣል። ደግሞ ይልሳል።] ካሱ!

ካሱ፦ አቤት ጋሼ።

ተክለወልድ፦ እስቲ ቅመሰው።

ካሱ፦ ለአናት ነው፤ አይበላም።

ተክለወልድ፦ ሙዝ ነው! ሴትዮዋን አታለዋቸዋል! በበዓል፣ የልጄን አማት! እኔም ይሄን ተሸክሜ ነው ገበያውን አቋርጬ የመጣሁት? ዓይናቸውን በጨው የታጠቡ ሌቦች! ይታሰሩ!

ካሱ፦ ለአናት ከሆነ ግን ሕጉ...

ተክለወልድ፦ የምን አናት! ቅቤ ቅቤ ነው! ዛሬ ለአናት ብለው ይገዙታል፣ ነገ ድስት ውስጥ ይጨምሩታል። ሕፃን ቢበላውስ? ወንጀል ነው!

ካሱ፦ የሚታሰረው ቀላቃዩ ነው ወይስ ሻጩ?

ተክለወልድ፦ ሁለቱም! በአንድ ሰንሰለት!

ካሱ፦ [ሱቁን ዞር ዞር ብሎ አይቶ] ሁለታችንም ከገባን ሱቁን ማን ይጠብቃል?

[ተክለወልድ ጆሮው ድረስ አፈረ። ዝንቡንስ ታጥቦ ይገላገለዋል፤ ያንገበገበው ይሄን የዋህ ሰው ለእስር አሰናድቶ እሱ ወንበር ላይ መቀመጡ ነው።]

ተክለወልድ፦ ከኛ... ከኛ ነው የገዙት?

ካሱ፦ ትናንት። እርስዎ ሥልጠና ሄደው ሳለ።

ተክለወልድ፦ በል ባልዲውን ውሰድና ጉድጓድ ቆፍረህ ቅበረው። የሚጠይቅ ከመጣም የቀላቀልኩት እኔ ነኝ፣ መልሱንም እኔው እሰጣለሁ። አንተ ዝም በል። [ካሱ ባልዲውን ይዞ ሊወጣ ሲል] ቆይ ግን አንተ ጅል! ለእትዬ ሙዝ እንዳለበት መንገር አቃተህ?

ካሱ፦ ኧረ ነግሬያቸዋለሁ! «ሙዝ አለበት፤ ለአናት ከሆነ ግን ሕግ አይከለክልም ይላሉ ጋሼ» አልኳቸው።

ተክለወልድ፦ እያወቁ ገዙ? ምን ብለው?

ካሱ፦ «እንግዲያውስ ሕጉን የሚያውቁትን ሰው ልቀባቸው» ብለው።