ሽማግሌ የጫነች ባለ ሦስት ሲሊንደር

ባለፈው ዓመት፣ የካቲት ውስጥ፣ በአንድ ቅዳሜ ረፋድ ላይ፣ ሦስት ሽማግሌዎች የጫነችው መኪናዬ ከሀዋሳ ወደ ሀገረ ሰላም በሚያወጣው ዳገት መሀል ፈልታ ቆመች። ሽማግሌዎቹ ለታናሽ ወንድሜ ሚስት ሊጠይቁ እየሄዱ ነበር። የተቀጠርነው ለአራት ሰዓት ሲሆን መኪናዋ የቆመችውም አራት ሰዓት ገደማ ነው። የተፈጸመው ይኸው ነው። ከዚህ በኋላ ያለው በአብዛኛው አስተያየት ነው፤ አስተያየት ደግሞ በዚያ ዳገት ላይ ከውሃ ይልቅ በዝቶ ነበር።

ሀዋሳ ውስጥ ያገለገለ መኪና የሚገዛ ሰው ሌላ ሌላውን ሊያጣ ይችላል እንጂ መካሪ አያጣም። ቤት ስትሠሩ ዝም ብሎ ያለፈ ጎረቤት፣ ልጅ ስትድሩ «እግዚአብሔር ያውቃል» ብሎ የተሰናበተ ዘመድ፣ መኪና ልትገዙ መሆኑን ሲሰማ ወንበር ስቦ ይቀመጣል። እኔ የፈለግሁት ደግሞ አስተያየት የማይሰጥባት መኪና አልነበረም። ትንሿን ነው የፈለግሁት፤ የኋላ በሯ ከነመስታወቱ ወደ ላይ የሚከፈተውን፣ በከተማችን መንገድ ላይ ከባጃጅ ቀጥሎ የምትበዛዋን።

ይህች መኪና ከሁለት ሞተሮች በአንዱ ትገኛለች። አንዱ ሺህ ሲሲ፣ ባለ ሦስት ሲሊንደር ነው። ሌላው ሺህ ሦስት መቶ ሲሲ፣ ባለ አራት ሲሊንደር ነው። ልዩነቱ ይኸው ሆኖ ሳለ ሕዝቡ እንደ ኳስ ደጋፊ ተከፍሎበታል። ባለ ሦስቶቹ «ቤንዚን ታሸታለች እንጂ አትጠጣም» ይላሉ። ባለ አራቶቹ «ሦስት እግር የሚያምረው በርጩማ ላይ ነው» ብለው ይመልሳሉ። እነዚያም «በርጩማማ መች ወድቆ ያውቃል» ይላሉ። ከዚህ በኋላ ስለ ሞተር የሚያወራ ሰው የለም፤ ክርክሩ ስለ በርጩማ ይሆናል።

ሥራዬ ዜና መጻፍ ነው። ስለዚህ የሁለቱንም ወገን ሰምቼ፣ ፉከራውን አውጥቼ፣ የቀረውን ያዝሁ። ብዙም አልቀረም። ባለ አራቷ ካረጀች ዘይት ትጠጣለች፤ ጠዋት ስትነሣ ከኋላዋ ሰማያዊ ጭስ ካያችሁ ምልክቱ እሱ ነው። ይህን የሚያውቅ ሻጭ ወፍራም ዘይት ይሞላባትና እናንተ ከመድረሳችሁ በፊት አሙቆ ይጠብቃል። ኮፈኗ ላይ እጃችሁን አሳርፉ፤ ሞቆ ካገኛችሁት ሻጩ ከእናንተ ቀድሞ ሥራ ጀምሯል። ባለ ሦስቷ ቆማ ስትሠራ ትንቀጠቀጣለች። ጥቂቱ ተፈጥሮዋ ነው፤ ሞተሩ የተቀመጠበት ጎማ ካለቀ ግን መሪ የጨበጠው ሰው ወባ የያዘው ይመስላል። አውቶማቲክ ካምቢዮ ያላቸው ደግሞ የራሳቸው ያልሆነ ዘይት ከተሞላባቸው፣ ሲነሡ ይገፈትራሉ።

ሁለቱን የሚያስታርቃቸው አንድ በሽታ አለ፤ ሙቀት። በዚህ ላይ ጥፋቱ ከሞተሩ ይልቅ የእኛ ነው። ራዲያተር የራሱ ማቀዝቀዣ ፈሳሽ አለው፤ እኛ የምንሞላው የቧንቧ ውሃ ነው። የቧንቧችን ውሃ ምን እንደሚያደርግ ለማወቅ የማንቆርቆሪያችሁን ሆድ ማየት ይበቃል። ያ ነጭ ቅርፊት በራዲያተሩ ቀጫጭን ቱቦዎች ውስጥም ይጋገራል። መኪናዋ መሞቅ ስትጀምር ጋራዥ እንወስዳታለን። መካኒኩም ቴርሞስታቱን፣ ማለትም እንደ ሙቀቱ መጠን ለውሃው መንገድ የሚከፍተውንና የሚዘጋውን ቁራጭ፣ ነቅሎ ይጥለዋል። ትኩሳት የያዘውን ሰው ቴርሞሜትር እንደ መስበር ነው። ከዚያ በኋላ ሜዳ ላይ የሙቀት መለኪያው ቀስት ንቅንቅ አይልም። ባለቤቱም «ሙቀት የሚባል አታውቅም» እያለ ይፎክራል። እውነቱን ነው፤ የምታውቅበትን ዕቃ አውጥቶባታል።

ይህን ሁሉ መዝኜ ባለ ሦስቷን መረጥሁ። ምክንያቴ ሀዋሳ ሜዳ መሆኗ ነው። ከመናኸሪያ ተነሥቶ እስከ ሐይቁ ለሚነዳ ሰው ዳገት ማለት የፍጥነት መቀነሻ ጉብታ ነው። አራተኛው ሲሊንደር ምን ሊሠራልኝ?

ደላላው «አንዲት ዶክተር ናት ስትነዳት የነበረችው፤ ከቤት ሆስፒታል፣ ከሆስፒታል ቤት» አለኝ። በከተማችን የሚሸጡ ትንንሽ መኪኖችን ሁሉ ዶክተሮች ነድተዋቸው ከሆነ፣ ሆስፒታል ስንሄድ ሐኪም የምናጣው ለምን እንደሆነ ገባኝ። ሻጩ ከሌላ ሰው የገዛት ነው፤ ያም ከሌላ። በቅሎን አባትሽ ማን ነው ቢሏት እናቴ ፈረስ ናት አለች ይባላል፤ ያገለገለች መኪናም የምትነግራችሁ ስለ ደጉ ባለቤቷ ብቻ ነው። ከሰፈራችን ከአዲስ ከተማ እስከ ቱላ ነዳኋት። የሙቀት ቀስቱ ንቅንቅ አላለም። ገዛኋት፤ ሜዳ ላይም አላሳፈረችኝም።

ወንድሜ ቢኒያም ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የላቦራቶሪ ባለሙያ ነው። ሊያገባት የፈለጋት ትዕግሥት እዚሁ ሀዋሳ ታስተምራለች። አባቷ አቶ ዳንጊሶ ግን የሚኖሩት ደጋው ላይ፣ ከሀገረ ሰላም ወዲያ፣ እንሰቱና ቀርከሃው ከጉም ጋር በሚውልበት ቀበሌ ነው። አቶ ዳንጊሶ የታወቁት በቀጠሮ ነው። በመጀመሪያው ቀን «እሺ» የሚል አባት እንደሌለ ሁላችንም እናውቃለን፤ ቶሎ ከሰጠ ልጁን ጠልቷት ነው ይባላል። እሳቸው ግን ልማዱን አክርረውታል። ትልቋን ልጃቸውን የጠየቁ ሽማግሌዎች ሦስት ጊዜ ወጥተው፣ ሦስት ጊዜ «ደግማችሁ ኑ» ተብለው ወርደዋል። ለአራተኛው ሲጠበቁ ልጁ ሌላ አገባ። ትዕግሥት ደግሞ ለቢኒያም አንድ ነገር ቁርጡን ነግራዋለች፤ ያለ አባቷ ፈቃድ አታገባም። ወንድሜ ከዚያ ቀን ጀምሮ ምሳ አቆመ። እናታችን ለእሱ ስትል ጾመች፤ የእሱ ግን ጾም ሳይሆን ጭንቀት ነበር።

ሽማግሌዎቹን በጥንቃቄ መረጥን። ጋሽ ታደሰ ዕድሜ ልካቸውን የጭነት መኪና የነዱ ናቸው፤ ድምፃቸው ከሩቅ ይሰማል። ጋሽ ወርቁ ጡረታ የወጡ የጂኦግራፊ መምህር ናቸው፤ ንግግር ያውቃሉ፣ ሰውነታቸውም እንደ ንግግራቸው ሰፊ ነው። አቶ ላሚሶ ጎረቤታችን ናቸው፤ የሲዳማን ቋንቋና ወግ ያውቃሉ። ሹፌሩ እኔ ነኝ። ጋሽ ወርቁ ከፊት ተቀመጡ፤ ሌላ ቦታ አይገቡም ነበርና። ሁለቱ ከኋላ ከነጋቢያቸው ታጨቁ። ቱላን ስናልፍ ጨዋታው ደርቶ ነበር። ዳገቱን ስንጀምር የእኔ ዓይን የሙቀት ቀስቱ ላይ ቀረ፤ መነሣት ጀምሮ ነበር።

ከኮፈኗ እንፋሎት ሲወጣ መጀመሪያ የተናገሩት ጋሽ ታደሰ ናቸው። «ድሮም ቤንዚን!» አሉ። ለእሳቸው ናፍጣ የማይጠጣ ሞተር የልብስ ስፌት መኪና ነው። ጋሽ ወርቁ ነገሩን ወደ ሳይንስ ወሰዱት፤ ከፍታ ሲጨምር አየር ይሳሳል፣ ሞተሩም እንደ ሰው ትንፋሽ ያጥረዋል አሉ። አቶ ላሚሶ ከኋላ ሆነው «እኔ ሞተር አላውቅም፤ ግን ጋሽ ወርቁ ቢወርዱ አየሩ ይበቃት ነበር» አሉ። ጋሽ ወርቁ ተቆጡና ጥፋቱ ክብደት ሳይሆን የሲሊንደር ቁጥር መሆኑን ገልጸው፣ አራት የሚያስፈልጋትን መኪና በሦስት የገዛው ማን እንደሆነ ጠየቁ። ጋሽ ታደሰ ይህችን አላለፏትም። «ሦስት ሲሊንደር ለሦስት ሽማግሌ፤ አንዳንድ ደርሶናል። ሹፌሩን ማን ይጎትተው?» አሉ። ሦስቱም ሳቁ። የተበደለው እኔ ስሆን የታረቁት እነሱ ናቸው።

በዚህ መሀል ቢኒያም ደወለ። «ደረሳችሁ?» አለ። «ዳገቱ ላይ ነን» አልሁት። ሐሰት አልነበረም። ትንሽ ቆይቶ ደግሞ ደወለ፤ አሁንም ዳገቱ ላይ ነን አልሁት። ሦስተኛውን ጋሽ ታደሰ ተቀብለው «አንተ ልጅ፣ እየሸመገልን ነው፤ አትረብሸን» ብለው ዘጉበት።

አቶ ላሚሶ ከመንገዱ በታች ካለ ቤት ውሃ ለምነው በጄሪካን አመጡ። ሞተሩ እስኪበርድ ጠበቅን፤ ሞልተን ተነሣን፤ ከሁለት ኩርባ በኋላ ቀስቱ እንደገና ወጣ። ምክር ተደረገ። መኪናዋ ባዶዋን እንድትወጣ፣ ሽማግሌዎቹም የቀረውን በእግራቸው እንዲመጡ ተወሰነ። ውሳኔው በሙሉ ድምፅ አልጸደቀም፤ ጋሽ ወርቁ ድምፀ ተአቅቦ አድርገዋል።

እንዲህ ሆነና አቶ ዳንጊሶ ግቢ በር ላይ መጀመሪያ የደረሰችው ሽማግሌ የሌላት፣ የምታፏጭ መኪና ናት። እሳቸው በሩ ላይ ቆመው ነበር። ረዘም ያሉ፣ ወፍራም ካፖርት የለበሱ ሰው ናቸው። ሰላምታዬን ተቀበሉ፣ ከዚያ መኪናዋን ዞሯት። ከፊት ጎንበስ ብለው አዩ። እጃቸውን ኮፈኗ ላይ አሳርፈው ቶሎ አነሱ። «ያንተ ናት?» አሉኝ። የእኔ ናት አልሁ። ራሳቸውን ነቀነቁ። እኔ በልቤ «ናቁን፤ አለቀልን» አልሁ። ቢኒያም እንደገና ደወለ። አላነሣሁም።

ሽማግሌዎቹ ጫማቸው ጭቃ ሆኖ፣ እያለከለኩ ደረሱ። ቤት ገብተው እንደ ወጉ «ተቀመጡ» ሲባሉ «የመጣንበት ሳይፈጸም አንቀመጥም» ማለት ነበረባቸው። አሉም፤ ግን የጋሽ ወርቁ ዓይን ወንበሩ ላይ ነበር። ጋሽ ወርቁ ከትናንት ጀምሮ ሲያዘጋጁት የነበረ ረጅም ንግግር ነበራቸው። ትንፋሹ የበቃቸው ለመጨረሻዋ መስመር ብቻ ነው። «ልጅዎን ለልጃችን እንዲሰጡን ነው» አሉ። አቶ ላሚሶ በሲዳምኛ ጨመሩበት። አቶ ዳንጊሶ ልጁ ምን እንደሚሠራ፣ ይጠጣ እንደሆነ ጠየቁ። ከባለቤታቸውና ከወንድማቸው ጋር ወደ ጓዳ ገቡ። እኛ «ደግማችሁ ኑ» የሚለውን ለመስማት ተዘጋጅተን ቆምን፤ እኔ እንዲያውም ቀጠሮው የትኛው ቅዳሜ ቢሆን ራዲያተሩ እንደሚደርስ እያሰላሁ ነበር።

ተመልሰው ወጡና «ሰጥቻለሁ፤ ተቀመጡ» አሉ።

በመጀመሪያው ቀን! ጋሽ ታደሰ ያልሰሙ መስሏቸው አቶ ላሚሶን አስተረጎሙ፤ የተነገረው ግን በአማርኛ ነበር። ደጅ ወጥቼ ለቢኒያም ደወልሁለት። «ሰጡን» ስለው «ከዳገቱ ወጣችሁ?» አለኝ።

ቁልቁለቱን መኪናዋ እንደ ጨዋ ወረደች፤ ሞተር ማንም ምንም ባልጠየቀው ጊዜ ሁሉ ጨዋ ነው። ክርክሩ ግን አልበረደም። ጋሽ ወርቁ ድሉ የዚያች አጭር ዓረፍተ ነገር ነው አሉ። አቶ ላሚሶ የቋንቋው ነው አሉ። ጋሽ ታደሰ የመቆማቸው ግርማ ነው አሉ። እኔ ያየሁትን መዝኜ ሌላ መደምደሚያ ላይ ደረስሁ፤ ሰውየውን ያሸነፋቸው ሽማግሌዎቹ ያንን ዳገት በእግራቸው መውጣታቸው ነው። ለሰፈሩም የነገርሁት ይህንኑ ነው። ወሬው በአዲስ ከተማ ተዛመተ። ከዚያ ወዲህ ሽማግሌ የሚልክ ጎረቤታችን ሁሉ መኪናውን ከግቢው ራቅ አድርጎ ያቆምና ሽማግሌዎቹን በእግር ይሰዳቸዋል። አንዱማ ጫማቸው ጭቃ እንዲነካ በመስክ አቋርጡ ብሏቸዋል ይባላል።

ሰርጉ ከፋሲካ በኋላ ተደረገ። መኪናዋን ጋራዥ አስገባሁ፤ ራዲያተሩ ተፈቶ ታጠበ፣ የጠፋው ቴርሞስታት ተገዝቶ ገባ፣ የቧንቧ ውሃም ተከለከለች። አሁን ቀስቱ ቦታውን ይዟል።

ባለፈው ወር አቶ ዳንጊሶ ልጃቸውን ሊጠይቁ ወደ ሀዋሳ ወረዱ። ከመናኸሪያ የተቀበልኋቸው እኔ ነኝ። ከፊት ገብተው ጉልበታቸውን አመቻቹና ጥቂት እንደሄድን «ቴርሞስታቱን አስገባህላት?» አሉኝ።

እንዴት አወቁ አልኋቸው።

«ያስወጣሁት እኔ ነኝ» አሉ። መኪናዋ ከብዙ ዓመት በፊት የእሳቸው ነበረች። እስከ ቤታቸው አልወጣ እያለች ስላስቸገረቻቸው ሀዋሳ አምጥተው ሸጧት። ለገዢው ነግረውት እንደሆነ ጠየቅኋቸው። «ሜዳ ላይ ንዳት ብዬዋለሁ» አሉ።

የቢኒያም ቤት በር ላይ ቆምን። ሞተሩን አጠፋሁና ያን ዕለት በመጀመሪያው ቀን ለምን እሺ እንዳሉ ጠየቅኋቸው፤ የሽማግሌዎቹ በእግር መምጣት ልባቸውን ነክቶት እንደሆነ። አቶ ዳንጊሶ በሩን ከፍተው አንድ እግራቸውን አወጡ።

«እኔማ ደግማችሁ ኑ ልላችሁ ነበር» አሉ። «መኪናዋን ሳያት ተውሁት። በዚህች ዳግመኛ እንደማትደርሱ አውቃለሁ። ሌላ መኪና ቢኖራችሁ ደግሞ በዚህች ሽማግሌ አትልኩም ነበር።»