በመስኮቱ በኩል የሚቀመጡት እሜቴ

በዓለም ላይ ያለው ሰው ሁለት ዓይነት ነው፤ በመስኮቱ በኩል የሚቀመጥና እኔ። የመጀመሪያው ዓይነት ሰው በየሕንጻው አይጠፋም። ሠርግ ሲጠራ ኬኩ አጠገብ ይቀመጣል፣ ሐኪም ቤት ሲሄድ ወረፋው ያጥርለታል፣ ዝናብ ሲመጣ ጃንጥላው በእጁ ነው። ባቡር ሲሳፈር ደግሞ ፀሐይ የማይመታውን መስኮት ያገኛል። በኛ ሕንጻ፣ እዚህ ቼክ አገር፣ ኦሎሞውትስ ከተማ፣ ይህን ሥልጣን የያዙት የሦስተኛ ፎቋ ክብርት እሜቴ ድራሆሚራ ዛፕሌታሎቫ ናቸው።

ሰው ሁሉ እሜቴ ኢንጂነር ይላቸዋል። ኢንጂነሩ እንኳ ባላቸው ነበሩ፤ ነፍሳቸውን ይማርና የቆሻሻ ውሃ ቧንቧ ይነድፉ ነበር። እኛ አገር ግን ማዕረግ እንደ ቤት ነው፤ ባል ሲሞት ሚስት ትወርሰዋለች። የኔ ባል ኦታ አውቶቡስ ስለሚጠግን እኔ እስከ ዛሬ ድረስ ሄድቪካ ብቻ ነኝ።

ከኦሎሞውትስ ፕራግ የሚሄዱት ባቡሮች ጌታቸው ሦስት ነው። የመንግሥቱ አለ፣ የግል የሆነው አረንጓዴው አለ፣ ሌላው የግል ወይን ጠጁ አለ። በአንድ ሐዲድ ተከታትለው እየሮጡ ደንበኛ ይሻማሉ። ጤነኛ ሰው አንዱን መርጦ ይሳፈራል። እሜቴ ግን በሦስቱም ላይ ወንበር ይይዛሉ። ባቡሩ ሊነሳ ሩብ ሰዓት እስኪቀረው ድረስ ወንበር ያለ ቅጣት መሰረዝ ይቻላል፤ ይህን ደንብ ያወጣው ሰው እሜቴን አያውቃቸውም ነበር። ጣቢያው አግዳሚ ላይ ቦርሳቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው እንደ ዳኛ ይሰየማሉ። የቱ እንደዘገየ ሰሌዳው ላይ ያነባሉ፣ የቱ መስኮቱን እንዳጠበ ቋሊማ ሻጩን ይጠይቃሉ። ከዚያ አንዱን ያጸድቁና ሁለቱን ይሰርዛሉ።

«ባቡር እንደ ባል ነው» ይላሉ። «ወሬውን ሳይሰሙ እሺ አይባልም።»

«ይህ ሁሉ ምን ያደርግልዎታል?» ብዬ ጠይቄአቸው ነበር አንድ ቀን።

«ይወዳደሩልኝ እንጂ፣ የኔ እህት።»

ይወዳደሩልኝ ማለታቸው ቀልድ እንዳይመስላችሁ። አረንጓዴው ባቡር ሻይ በነፃ ማደል የጀመረ ጊዜ እሜቴ ወይን ጠጁ ጋ ስልክ መቱ። «እነዚያ ሻይ ይሰጣሉ፣ እናንተስ ምን አስባችኋል?» አሏቸው። ወይን ጠጁ ሻይ ከነሎሚው አመጣ። እሜቴ መልሰው አረንጓዴው ጋ ደወሉ። «እነዚያ ሎሚ ጨምረዋል።» አረንጓዴው ለአንድ ሰው ሁለት ሁለት ብስኩት ማደል ጀመረ። በዚህ ነገር ላይ ሌላም ሰው ሳይደውል አይቀርም፤ የኩባንያ አለቆችም የራሳቸው ጭንቅላት ይኖራቸው ይሆናል። ሕንጻችን ውስጥ ግን ታሪኩ የሚተረከው በአንድ መንገድ ብቻ ነው። «ብስኩቱን ያመጣሁት እኔ ነኝ» ይላሉ እሜቴ፣ ደረጃው ላይ ቆመው፣ ወንዝ ጠልፈው ለአገር ያጠጡ ይመስል።

እኔ ፋርማሲ ነው የምሠራው። ሰው ስለ ደም ግፊቱ፣ ስለ ጉልበቱ፣ ስለ ሕልሙ ሳይቀር ሊጠይቀኝ ይገባ ነበር። ማንም የኔን በር አያንኳኳም። ስልኩን በእጁ ይዞ በኔ በር በኩል ያልፍና ሦስተኛ ፎቅ ይወጣል። ምክንያቱም ሦስቱም ኩባንያዎች ወንበር የሚሸጡት በኮምፒውተር ነው፣ ኮምፒውተሩ የይለፍ ቃል ይጠይቃል፣ የይለፍ ቃሉ ደግሞ ትልቁንና ትንሹን ፊደል ይለያል። ለእኔና ለእናንተ ትልቁም «ኤም» ትንሹም «ኤም» ያው «ኤም» ነው። ለኮምፒውተር ግን አባትና ልጅ ናቸው፤ አባት ሲጠራ ልጅ አቤት ቢል በሩን አይከፍትም። በዚህ ምክንያት የአራተኛ ፎቁን ጡረተኛ ዳኛ፣ ስንቱን እስር ቤት የሰደዱ ሰውዬ፣ እሜቴ በር ላይ አንገታቸውን ደፍተው ቆመው አይቻለሁ።

«ትልቁን በቦታው፣ ትንሹንም በቦታው» ይሏቸዋል እሜቴ። ይህን ለፊደል ብቻ አይሉትም። ኮሪደር ላይ ለሚደረደር ጫማም፣ ለአሳንሰር ወረፋም ይሉታል። አንድ ቀን እቤቴ መጥተው እንጉዳዬን በመጠን በመጠኑ ለዩልኝ። የገዛ ባሌ ኦታ እንኳ ብሎን ሲደረድር «ትልቁን በቦታው» እያለ ሲያጉተመትም ሰምቼው ሁለት ቀን አኮረፍኩት።

እዚህ ድረስ ያለው ቅናት የጎረቤት ቅናት ነው፤ ማንም ሰው ያለው ነው። የኔ ግን ከዚህ ጠልቆ ይወርዳል።

ልጄ ዮላና ትንሽ ሳለች እኔ ቅዳሜ ቅዳሜ ፋርማሲ እውላለሁ። እሜቴ ልጅ አልወለዱም፤ ዮላናን ይዘው ጣቢያ ይሄዱ ነበር። እኔ ማታ ስመጣ ልጄ ስለ ጥርሷ ወይም ስለ አሻንጉሊቷ አታወራኝም። የትኛው ባቡር ዳገቱን ሳያቃስት እንደሚወጣ ታስረዳኛለች። እኔ የጥርስ ሐኪም እንድትሆንልኝ ነበር ልቤ። ዮላና ባቡር ነጂ ሆነች። የአረንጓዴው ባቡር ነጂ።

ፈተናዋን ያለፈች ቀን ደወለችልኝ። «ማሚ፣ ለፋሲካ ሐሙስ ለመጀመሪያ ጊዜ ብቻዬን ልነዳ ነው። ኦሎሞውትስ ላይ ተረክቤ እስከ ፕራግ።»

«እኔም እኖራለሁ» አልኳት። «እዚያው ባቡር ላይ።»

«የፋሲካ ሰሞን ወንበር ቶሎ ያልቃል፤ እሜቴን ያዙልኝ በያቸው።»

ይህቺን ቃል ስሰማ ደሜ ፈላ። «እናትሽ እጅ የላትም?» አልኳት። «ራሴ ነኝ የምይዘው። ለማንም እንዳትነግሪ።»

እሜቴ ድሮ ያለ ፍላጎቴ የከፈቱልኝን አካውንት ትቼ፣ ያን ዕለት ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጥኩና ራሴ ሌላ ከፈትኩ። ደስታዬን ብታዩት። የይለፍ ቃል መረጥኩ፣ ሁለት ጊዜ ጻፍኩ፣ ተቀበለኝ። ወንበሩን ልይዝ በማግስቱ ተመለስኩ፤ ያንኑ ቃል ስጽፍ «ተሳስተዋል» አለኝ። ደግሜ ጻፍኩ። ተሳስተዋል። ቀስ ብዬ በአንድ ጣት ጻፍኩ። ለደኅንነትዎ ሲባል ተዘግቷል አለኝ። ለኔ ደኅንነት መሆኑ ነው። ያኔ የማላውቀው ነገር፣ መጀመሪያ ቀን ፊደሉን ሁሉ ትልቅ የሚያደርገው ቁልፍ ተጭኖ ነበር። እስክሪኑ ነጥብ ነጥብ ብቻ እንጂ ፊደሉን ስለማያሳይ፣ እኔ ሹክ ያልኩ መስሎኝ ጮኼ ኖሯል። ይህን ኦታ የነገረኝ ሁሉም ነገር ካለፈ በኋላ ነው።

ኩባንያው ጋ ደወልኩ፤ መስመሩ ሙዚቃ አሰማኝ። በሌላ ቀን ደወልኩ፤ ያው ሙዚቃ። በመጨረሻ አንዲት ልጅ አነሳችና በትሕትና አናገረችኝ፤ አካውንቱን እከፍትልዎታለሁ፣ ወንበር ግን የለም አለችኝ። ቆሞ መሄድ? አይፈቀድም፤ በአረንጓዴው ባቡር ወንበር የሌለው አይሳፈርም። ለዮላና ልንገራት? ራሴ ነኝ የምይዘው ብዬ ፎክሬባታለሁ። እሜቴን ልለምን? ቧንቧ ውስጥ ብገባ ይሻለኛል።

ኦታ ሻንጣ ሳዘጋጅ አይቶ «ያለ ቲኬት የት ነው የምትሄጂው?» አለኝ።

«የሚሰርዝ ሰው አይጠፋም።»

«ውጪና ንገሪያቸው፣ ሴትዮ። ሁለት ፎቅ ነው።»

«ደረጃው አይወጣልኝም» አልኩት።

ሐሙስ ጣቢያው እንደ ንብ ቀፎ ነበር። አግዳሚው ላይ ማን ተቀምጦ ባገኝ ጥሩ ነው? ክብርት እሜቴ ኢንጂነር ዛፕሌታሎቫ፣ የወትሮውን ኮፍያ ደፍተው፣ ሰማያዊውን ሻርፕ አስረው። ለበዓል እንጂ ለመንገድ የሚታሰር ሻርፕ አይደለም።

«ሄድቪካ» አሉኝ። «አንቺም ልጃችን ስትነዳ ልታዪ?»

ልጃችን። ጥርሴን ነከስኩ። «እርስዎ ማን ነገረዎት?»

«ማን ይነግረኛል? የሥራ ፈረቃው የሚወጣበትን ቀን አውቃለሁ። ወጥቶ ወንበር መሸጥ ሲጀመር ያዝኩ። የመጀመሪያው ፉርጎ፣ መስኮት። ከነጂዋ የሚለየኝ አንድ ግድግዳ ብቻ ነው።» ድምፃቸው ለወትሮው እንደሚያዝዝ አልነበረም፤ ሙሽራ የሚያጅቡ ይመስሉ ነበር። «ያንቺስ ስንተኛው ፉርጎ ነው?»

ስልኬን ቦርሳዬ ውስጥ ሸጎጥኩ። እሜቴ ሰውን ሲያዩ የተዘጋ አካውንት ያዩ ይመስል ፊቱን ያነባሉ።

«ወንበር የለሽም» አሉ።

«የሚሰረዝ ልጠብቅ ነው።»

ዙሪያችንን አዩ። ሩብ ሰዓት ሊቀር ሲል ጣቢያችን ጸሎት ቤት ይሆናል፤ ወንበር ያላገኘው ሁሉ ስልኩ ላይ አቀርቅሮ የሚሰረዝ ይጠብቃል። ያን ቀን ያቀረቀረው ሰው ለፉርጎ ይበቃ ነበር።

እሜቴ ሻርፓቸውን ፈቱት። መልሰው አሰሩት። ከዚያ «ስልክሽን አውጪ» አሉኝ። «ቲኬቱ በኔ ስም ነው፣ ልሰጥሽ አልችልም። እኔ እለቀዋለሁ፣ አንቺ ትቀልቢዋለሽ።»

«እርስዎስ?»

«እኔ ሌላ ሁለት ባቡር አለኝ። ያቺ ልጅ ግን ሌላ እናት የላትም።»

እንዲህ ያለ ነገር የሚናገር ሰው እንዴት ይጠላል? ሞከርኩ፣ አልሆነልኝም።

«ቶሎ በይ እንጂ። ያኔ ያለፍላጎትሽ የከፈትኩልሽ አካውንት አለ አይደል?»

«የይለፍ ቃሉን ረስቼዋለሁ።»

«ስሜ ነዋ። ድራሆሚራ። የመጀመሪያው ትልቅ፣ የቀረው ትንሽ።»

የሰውን አካውንት በራሳቸው ስም ይቆልፋሉ። ሌላ ጊዜ ቢሆን ለዚህ ብቻ አንድ ወር አኮርፍ ነበር። ጻፍኩ። መጀመሪያ የጻፍኩት «ዲ» ትንሿ ነበረች። ሆን ብዬ አልልም፤ እጄ ግን የልቤን ያውቃል። ተሳስተዋል አለኝ ስልኩ።

እሜቴ እስክሪኑን እንኳ አላዩም። «ትልቁን በቦታው፣ ሄድቪካ።»

ትልቁን በቦታው አደረግሁት። በሩ ተከፈተ።

«ልለቅ ነው» አሉ። «ጣትሽን አዘጋጂ። አሁን።»

ወንበሩ ብቅ አለ። አጠገቤ የነበረ ጎልማሳም እንዳየው ጣቱ ሲነሳ አየሁ፤ የኔ ጣት ቀደመ። የመጀመሪያው ፉርጎ፣ መስኮት። ሰውዬው ጎል እንደገባበት በረኛ ሰማዩን አየ፤ እኔ በዕድሜዬ ሙሉ ሰው ቀድሜ ስለማላውቅ ይቅርታ ልጠይቀው ምንም አልቀረኝ።

ባቡሩ ሲነሳ በመስኮቱ ወደ ውጭ አየሁ። እሜቴ ኮፍያቸውን አውልቀው ያውለበልቡ ነበር። ወደኔ አይደለም፤ ወደ ፊት፣ ወደ ነጂዋ። ጥሩምባው አጠር አድርጎ ጮኸ። ዮላና እኔ ወንበር ማግኘቴን ገና አታውቅም፤ ያ ጥሩምባ ለማን እንደሆነ ለማወቅ ኢንጂነር መሆን አያስፈልግም። እንባዬ መጣ። ግማሹ ኩራት ነበር።

ልጄ እንዴት እንደምትነዳ ልንገራችሁ። ሻዬ ከብርጭቆው አልተንጠባጠበም። ብስኩት ያደለችው አስተናጋጅ «ነጂዋ አዲስ ናት» ስትለኝ «አውቃለሁ» አልኳት፣ ከዚያም ላላወቁት ሁሉ እስከ ፕራግ ድረስ አሳወቅሁ።

ፕራግ ዮላና ከፊት ወርዳ አየችኝ። «ማሚ። ቻልሽ እንዴ?»

«በገዛ ጣቴ» አልኳት። ውሸት የለበትም።

አቀፈችኝ፤ ከዚያ በትከሻዬ በኩል አሻግራ ማየት ጀመረች። «እሜቴስ? ኦሎሞውትስ አይቻቸው ነበር። አልተሳፈሩም?»

የሆነውን ነገርኳት። የመንግሥቱን እንኳ ለኔ ሲሉ እንዳሳለፉት የገባኝ እዚያው ስናገር ነው፤ እኔን ሲያሳፍሩ የዚያ ባቡር መሰረዣ ሰዓት አልፎባቸዋል፣ እሱ ሲነሳም እሳቸው ቆመው ወደ ዮላና ኮፍያ ያውለበልቡ ነበር። የቀራቸው ወይን ጠጁ ነበር፤ እሱ ደግሞ ዘገየ። ቆመን ጠበቅናቸው። ደረሱ፣ ወረዱ፣ ሰላምታ ሳይሰጡ «ሎሚው ደርቋል» አሉ። ዮላና ሮጣ አንገታቸው ላይ ተጠመጠመች። ከኔ ይልቅ ረዘም አድርጋ ነው ያቀፈቻቸው። አልቆጠርኩም፤ ግን ረዝሟል።

ሁለቱንም ብስኩት ሳልነካ በናፕኪን ጠቅልዬ አምጥቼላቸው ነበር። እነሱ ሲተቃቀፉ ዞር አልኩና አንዱን በላሁት። ሁለተኛውን ሰጠኋቸው።

እሜቴ ናፕኪኑን ገልጠው አዩ። «አንድ?»

«አሁን አንድ ነው የሚሰጡት» አልኳቸው።

«አንድ» አሉ ደግመው፣ መነጽራቸውን አስተካከሉ። «ይህን ያህል ለፍቼ? ቆይ፣ እደውልላቸዋለሁ።»

ስልካቸውን አወጡ። ክንዳቸውን ይዤ ጣቢያው ቡና ቤት አስገባኋቸውና፣ መስኮት ያለበት ቦታ ፈልጌ አስቀመጥኳቸው።