የቲዮ አዴሪቶ እርማት

እግዜር መንደር ሲመሠርት አስቀድሞ አራሚውን ያስቀምጣል፤ ቤቱና ወንዙ ከዚያ ወዲያ ይደርሳሉ። ኦቲሊያ ፊልም ልትሠራ በወጣችበት የሰሜን ፖርቱጋል ተራራ፣ ይህን ሹመት የያዙት፣ መንደሩ ሁሉ "ቲዮ"፣ አጎቴ፣ የሚላቸው ክቡር ቲዮ አዴሪቶ ነበሩ።

የኦቲሊያ ሐሳብ ቀላል ነበር። ገበሬዎቹ ራሳቸውን ሆነው ይጫወታሉ፤ እውነቱ ያለቀ እንደሆነ እሷ ፈጥራ ትቀጥላለች። ቲዮ አዴሪቶ ግን እውነቱ እንዲያልቅ አልፈቀዱም። ሟች ጎረቤታቸውን ሆኖ የሚጫወተው ሰው በቀኝ እጁ ሲያጨስ፣ "እንዲህ አልነበረም፣ ግራኝ ነበር" ብለው ቀረጻውን አስቆሙ። የቀብሩን ደወል ቆጥረው፣ ለወንድ ሦስት እንጂ ሁለት አይደወልም አሉ። ቄሱን አረሙ፤ አህያዋን ሳይቀር በጭነቷ አጫጫን አረሙ።

"እኚህ ሰውዬ በፍርድ ቀን መላእክቱንም ያስቆማሉ" አለ የካሜራው ባለሙያ ቫልደማር።

የቀረው የልጃቸው የአርሊንዶ ታሪክ ነበር። ከዐሥራ ሁለት ዓመት በፊት፣ አፍሪካ ወዳለው የቅኝ ግዛት ጦርነት እንዳይወስዱት ተደብቆ ወደ ፈረንሳይ ሄደ። ያኔ እንደ ልማዱ ፎቶግራፍ ለሁለት ይቀደዳል፤ ግማሹ ከአባት ዘንድ ይቀራል፣ ግማሹን መንገደኛው ይዞ ይሄድና በሰላም ሲደርስ ይልከዋል። ድንበር አሻጋሪው አድርሼዋለሁ ብሎ ይምላል። የአርሊንዶ ግማሽ ግን እስከዛሬ አልመጣም።

ኦቲሊያ በፊልሙ ጽሑፍ ውስጥ ግማሹ እንዲመጣ አድርጋለች። ሦስት ቀን አፍራ ከረመችና ቀስ ብላ ነገረቻቸው።

"ቲዮ፣ ከከበደዎት ይቅር።"

"ማን ከበደኝ አለሽ፣ ልጄ?"

ቀረጻው ተጀመረና የመንደሩ ፖስተኛ ፖስታውን ሰጣቸው። ከውስጡ የአንድ የማይታወቅ ልጅ ትከሻና ጆሮ ወጣ። ቲዮ አዴሪቶ ከኮታቸው ኪስ የራሳቸውን ግማሽ አውጥተው ገጠሙት። አልገጠመም፤ መሐሉ የጥፍር ስፋት ክፍተት አለው። ሁሉም እርማቱን ጠበቀ። ሽማግሌው ክፍተቱን በአውራ ጣታቸው ሸፈኑት።

"ደረሰ" አሉ። ቀጥለውም ማንንም ሳያዩ፣ "ድገሙት።"

ተደገመ። ፖስተኛው መጣ፣ ልጁ ደረሰ። እንደገና መጣ፣ እንደገና ደረሰ። ከሰባተኛው በኋላ ቫልደማር ፊልሙ እንዳለቀ፣ ሌላም ጥቅል እንደሌለ ለኦቲሊያ በጆሮዋ ነገራት።

"ምን ሆናችኋል?" አሉ ቲዮ አዴሪቶ።

"ምንም" አለች ኦቲሊያ። "ብርሃኑን እያየን ነው።"

ቫልደማር ባዶውን ካሜራ አስነሳ። ፖስተኛውም ማንም ሳያዘው ቦርሳውን አንግቦ ወደ አቀበቱ ጫፍ ተመለሰ።